በአሜሪካ ቴሌቪዥን የረዳት ተዋናይ ሥራ፦ ተደጋግመው የሚጠየቁ ጥያቄዎች

ይህ ገጽ በአሜሪካ የቴሌቪዥን ድራማዎች ላይ በትንንሽና በመካከለኛ ሚና እየተጫወቱ ስለሚኖሩ ተዋንያን ነው። ሎስ አንጀለስ፣ ኒው ዮርክና አትላንታ ሆነው ወደዚህ ሙያ መግባት የሚፈልጉ ወገኖቻችን ደጋግመው የሚያነሷቸውን ጥያቄዎች ይመልሳል። ዓመቶቹ ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

ካራክተር አክተር የሚባለው ማን ነው? ከኤክስትራስ በምን ይለያል?

ፊቱን ስናይ «ይሄ ሰውዬ እኮ እዚያኛውም ድራማ ላይ ነበር» የምንለው፣ ስሙን ግን የማናስታውሰው ተዋናይ ነው። ፍርድ ቤት የሚሟገተው ዐቃቤ ሕግ፣ መርዶ የሚነግረው ሐኪም፣ ለመርማሪው «እኔ ምንም አላየሁም» የሚለው ባለሱቅ፤ እነዚህን ሁሉ የሚጫወተው እሱ ነው። በእኛ አገር ሽልማት ላይ ረዳት ተዋናይ ከምንለው ብዙም አይርቅም። ኤክስትራ ግን ቃል አይናገርም፤ ከጀርባ ያልፋል፣ ይቀመጣል፣ ሰልፍ ይይዛል።

ሚናዎቹ ደረጃ አላቸው። «ኮ-ስታር» አብዛኛውን ጊዜ የአንድ ቀን ሥራ ነው፤ ጥቂት መስመር ይናገራሉ፣ ስምዎ በመጨረሻው ዝርዝር ላይ ይወጣል። «ጌስት ስታር» የዚያ ክፍል ታሪክ የሚያጠነጥንበት ሰው ነው። በተዋንያኑ ማኅበር (ሳግ-አፍትራ) ውል «ሜጀር ሮል» ተብሎ ከተያዘ ለግማሽ ሰዓት ድራማ ቢያንስ የ5 ቀን፣ ለአንድ ሰዓት ድራማ ቢያንስ የ8 ቀን ሥራ ታስቦ ይከፈለዋል። «ሪከሪንግ» ደግሞ በየክፍሉ እየተመላለሰ የሚታይ ነው፤ የወር ወጪን መሸፈን የሚጀመረው እዚህ ላይ ነው።

ዕድሜ በዚህ መስክ እንደ መሪ ተዋናይነት አያስጨንቅም። አሜሪካዊቷ ተዋናይት ማርጎ ማርቲንዴል በምርጥ ረዳት ተዋናይት ዘርፍ የመጀመሪያውን የኤሚ (የቴሌቪዥን) ሽልማቷን የወሰደችው በ2011፣ በ60 ዓመቷ ነው።

ለመጀመር ምን ምን ላዘጋጅ?

ከሁሉ በፊት የሥራ ፈቃድ። ቀረጻ ቦታ እንደደረሱ የሥራ ፈቃድ ማረጋገጫ ቅጽ ይሞላሉ፤ ዋናውን ሰነድ ይዘው መገኘት አለብዎት፤ ፎቶ ኮፒ አይበቃም። ግሪን ካርድ፣ የአሜሪካ ፓስፖርት፣ ወይም ጥገኝነት ጠይቀው ከሆነ ጊዜው ያላለፈበት የሥራ ፈቃድ ካርድ ያስፈልጋል። የጎብኚ ቪዛ ይዞ መሥራት አይቻልም። ለየት ያለ ችሎታ ላላቸው ሰዎች የሚሰጠው የኦ-ዋን ቪዛም ሰፊ የሥራ ታሪክ የሚያስመዘግብ ሰው የሚያገኘው ስለሆነ፣ በአንድ መስመር ሚና አይገኝም።

ቀጥሎ ፎቶ ነው፤ መጠኑ 8 በ10 ኢንች። ፎቶው ዛሬ በር ከፍተው ሲገቡ ያለውን ፊትዎን መምሰል አለበት። ጢምዎን ካሳደጉ ወይም ፀጉርዎን ከተቆረጡ ፎቶው ይቀየራል። ፊቱ እንደ ሰርግ አልበም ተለስልሶ የተሠራ ፎቶ ብዙ ሰው ያስቀራል፤ ተዋናይ መራጩ (ካስቲንጉ) የሚፈልገው ያንን መጨማደድ፣ ያንን ጠባሳ ነውና። ሁለት ፎቶ ለጀማሪ በቂ ነው፤ አንዱ ሞቅ ያለ (ጎረቤት፣ መምህር፣ ነርስ)፣ ሌላው ኮስተር ያለ (ፖሊስ፣ ጠበቃ፣ ወንጀለኛ)። ከጀርባው የሥራ ታሪክዎ በአንድ ገጽ ይያያዛል። አዲስ አበባ የሠሩትን የመድረክ ሥራ አይተዉት፤ የቴአትር ቤቱን ስምና ሚናዎን ይጻፉ። ከዚያ አክተርስ አክሰስ እና ካስቲንግ ኔትወርክስ በሚባሉት ድረ ገጾች ላይ መዝገብ ይከፍታሉ፤ አብዛኛው የሚና ጥሪ የሚለቀቀው በእነሱ በኩል ነው።

ኤጀንትና ማናጀር ምን ያህል ይወስዳሉ? ማጭበርበሩንስ በምን ልለየው?

ኤጀንት 10 በመቶ ይወስዳል፤ ማናጀር አብዛኛውን ጊዜ ከ10 እስከ 15 በመቶ። በካሊፎርኒያ ሕግ ሥራ የማፈላለግ ፈቃድ ያለው ኤጀንቱ ነው፤ ማናጀር አማካሪ ነው። ሁለቱም ገንዘብ የሚያገኙት እርስዎ ሲያገኙ ብቻ ነው። ስለዚህ መለያው አንድ ነው፦ «መመዝገቢያ»፣ «የፎቶ ፓኬጅ»፣ «የግዴታ ሥልጠና» ብሎ አስቀድሞ የሚያስከፍል ማንም ሰው ኤጀንት አይደለም። ካሊፎርኒያ ውስጥ ይህን ማድረግ በሕግ የተከለከለ ነው። በማኅበረሰባችን ውስጥ በልጆች ስም የሚጠየቀው ገንዘብ በተለይ ያሳዝናል፤ ወላጅ ለልጁ ሲል ስለማይሳሳ በሺህ የሚቆጠር ዶላር ይከፍላል። የሚጋብዝዎት ሰው ዛሬውኑ ይፈርሙ ካለ ይውጡ።

ሴልፍ ቴፕ እንዴት ነው የሚሠራው? ለምንድን ነው መልስ የማይመጣው?

የዚህ ሙያ ዋናው ድካም እዚህ ላይ ነው። ረዳት ተዋናይ በዓመት የሚቀረጽባቸው ቀናት በጣት ሊቆጠሩ ይችላሉ፤ ለፈተና (ለኦዲሽን) የሚዘጋጅባቸው ግን አያልቁም። ዛሬ ፈተናው በአብዛኛው ቤት ውስጥ በስልክ ተቀርጾ የሚላክ ነው፤ ሴልፍ ቴፕ የሚባለውም ይኸው ነው። ማኅበሩ በ2023 ከአምራቾቹ ጋር ባደረገው ስምምነት መሠረት ለመጀመሪያ ፈተና ከ8 ገጽ በላይ እንዲቀርጹ አይጠየቁም፤ ለአዋቂ ተዋናይም፣ ቅዳሜና እሑድን ሳይጨምር፣ ቢያንስ የ48 ሰዓት ጊዜ ይሰጣል።

አቀራረጹ እንዲህ ነው። ስልኩን ያጋድሙት፤ ሌንሱ ከዓይንዎ ትክክል ይሁን፤ ከደረት ጀምሮ ከራስ ጥቂት ከፍ እስከሚል ድረስ ይታይ። ከኋላ ግራጫ ወይም ሰማያዊ ጨርቅ፣ ካልሆነም ባዶ ግድግዳ። ነጭ ግድግዳ ጥቁር ቆዳን ያጨልማል፤ ካሜራው ብርሃኑን ለግድግዳው ሲያስተካክል ፊት ጥላ ይሆናል። ይህ በእኛ ተዋንያን ቴፕ ላይ ደጋግሞ የሚታይ ስሕተት ነው። ከግድግዳው አንድ ሜትር ያህል ራቅ ብለው ይቁሙ፤ መብራቱን ከፊት ለፊት፣ ከዓይን ትንሽ ከፍ አድርገው ያስቀምጡ፤ በስልኩ ላይ ፊትዎን ተጭነው ብርሃኑን ይቆልፉት።

ሌላውን ሚና የሚያነብልዎት ሰው ከሌንሱ አጠገብ ይቁም፤ ድምፁን ዝቅ አድርጎ ያንብብ፤ ስልኩ ለእሱ ስለሚቀርብ ከእርስዎ ይበልጥ ይሰማልና። የሚያነብ ሰው ካጡ ጓደኛዎ በቪዲዮ ጥሪ ከአዲስ አበባም ሆነ ከዋሽንግተን ሊያነብልዎት ይችላል፤ የኢንተርኔቱ መዘግየት ግን በየመልሱ መካከል ክፍተት ይፈጥራል፣ ያንን አስቀድመው ይሞክሩት። መጨረሻ ላይ ስምዎን፣ ቁመትዎንና የሚኖሩበትን ከተማ ተናግረው መላ አካልዎን ያሳያሉ። የፋይሉን አሰያየም ጥሪው ላይ እንደተጻፈው ያድርጉ፤ «ቪዲዮ 1» ተብሎ የተላከ ፋይል በመቶ ፋይሎች መካከል ይጠፋል። አንድ፣ ቢበዛ ሁለት ቅጂ ይላኩ፤ ሁለተኛውም ከመጀመሪያው በግልጽ የተለየ ካልሆነ አይጨምርም።

መልስ አለመምጣቱ የተለመደ ነው። ሚናውን ላላገኘ ሰው ማንም አይደውልም። ምክንያቱ ከአጨዋወት ጋር ላይገናኝም ይችላል፦ እህቱን የምትጫወተው ተዋናይት ረጅም ሆና ይሆናል፣ ጸሐፊዎቹ ሚናውን ሰርዘውት ይሆናል። ልከው ይርሱት።

«ፒን» ተደርገሃል ተባልኩ። ሥራውን አገኘሁ ማለት ነው?

አይደለም። ከመጨረሻዎቹ ጥቂት ሰዎች አንዱ ነዎት፤ እነዚያን ቀናት ለእነሱ ክፍት አድርገው ይጠብቁ ማለት ነው። ክፍያ የለውም፣ ግዴታም አያስገባቸውም። ሌላ ሥራ ከመጣ ግን ለኤጀንትዎ መጀመሪያ ይናገሩ። ከመደበኛ ሥራዎ ፈቃድ የሚጠይቁት «ቡክድ» (ሥራው የእርስዎ ሆኗል) የሚለው ቃል ሲመጣ ነው።

የአማርኛ ለዛ ያለው እንግሊዝኛ ይጎዳኛል?

ይጠቅማልም ይጎዳልም። ለታክሲ ሹፌር፣ ለሆስፒታል ረዳት፣ ለስደተኛ አባት ሚና የሚጠሩዎት በለዛዎ ምክንያት ነው። ችግሩ ከነዚህ ሚናዎች ውጭ ሲሆን ነው፤ ዳኛ ወይም የባንክ ኃላፊ ሆነው ሲቀርቡ የሚናገሩት ሁሉ ያለ ጥያቄ መሰማት አለበት። የእኛን ተናጋሪ የሚያስቸግሩ ድምፆች የታወቁ ናቸው። ምላስ በጥርስ መካከል የሚወጣባቸው የእንግሊዝኛ ድምፆች በእኛ አፍ «ዝ»፣ «ስ» ወይም «ት» ይሆናሉ፤ አጭሩና ረጅሙ «ኢ» ይምታታል፤ ተነባቢዎች ሲደራረቡም በመካከላቸው አናባቢ እንሰነቅራለን። ከዚህ ሁሉ የሚብሰው ግን አጽንዖት ነው፤ በእንግሊዝኛ አንዱ ክፍለ ቃል ጠንክሮ ሌላው ይዋጣል፣ እኛ ግን ሁሉንም እኩል እንጠራለን። የአጽንዖቱን ቦታ በእርሳስ እያሰመሩ ጽሑፉን ማጥናት ከአንድ ወር የለዛ ትምህርት ይልቅ ለአንድ ፈተና ይጠቅማል።

በጽሑፉ ውስጥ አማርኛ ካለ በጥንቃቄ ይዩት። ብዙ ጊዜ በማሽን የተተረጎመ ይሆናል፤ እናት ለልጇ «አንቱ» ስትል፣ ወይም ወንድ ልጅ በሴት አንቀጽ ሲጠራ ያገኙታል። ይህን የቀረጻው ቀን ካሜራ ፊት ማንሳት ጊዜ ያቃጥላል፣ ሰውም ያሳፍራል። ሚናው እንደተሰጠዎት፣ በኤጀንትዎ በኩል፣ የተስተካከለውን ዐረፍተ ነገር በላቲን ፊደል አነባበብ ጽፈው ከእንግሊዝኛ ትርጉሙ ጋር ይላኩ። አጭር ያድርጉት፤ ረጅም አማርኛ የትዕይንቱን ሰዓት ይበላል። አብሮዎት የሚጫወተው ሰው የሌላ አገር ተወላጅ ከሆነም ድምፅዎን ቀርጸው ይላኩለት። እቤት ሆና የምታይ እናት «ይሄ የኛ ልጅ ነው» እንድትል የሚያደርገው ይህ ትንሽ ሥራ ነው፤ እኛ ካልሠራነው ማንም አይሠራልንም።

የቀረጻው ቀን ምን ይመስላል?

ከቀኑ በፊት በነበረው ምሽት የጥሪ ወረቀት ይላካል፤ የመድረሻ ሰዓት፣ የመኪና ማቆሚያ፣ የሚቀረጹት ትዕይንቶች ቁጥር ይገኝበታል። ሰዓቱ በአሜሪካ አቆጣጠር ነው፤ ለሊት 6 ሰዓትና ጠዋት 6 ሰዓት ተምታቶበት ሥራ ያጣ ሰው አለና ሁለቴ ያንብቡት። ሲደርሱ ለሁለተኛው ረዳት አዘጋጅ ይታዩ፤ እስኪፈርሙለትና ተጎታቹ ውስጥ ክፍልዎን እስኪያሳይዎት ድረስ እንዳልመጡ ይቆጠራል። ከዚያ ፀጉርና ሜካፕ፣ ልብስ፣ መጠበቅ። ሦስት ሰዓት ጠብቆ ለሁለት መስመር መጠራት የተለመደ ነው።

የአንድ ሰዓት ድራማ አንዱ ክፍል በ8 ቀን ገደማ ስለሚጠናቀቅ ለልምምድ የሚተርፍ ጊዜ የለም። አንድ ጊዜ ይለማመዳሉ፤ መብራት ሲተከል በእርስዎ ቦታ ተለዋጭ ሰው ይቆማል፤ ወለሉ ላይ የቲ ቅርጽ ያለው ባለ ቀለም ፕላስተር ይለጠፋል። መቆሚያዎ እዚያ ነው። ወደታች ሳያዩ እዚያ መቆም አለብዎት፤ አንድ ጫማ ካለፉ የፊትዎ ጥራት ይጠፋል። መንገዱን ወደ ኋላ እየተራመዱ ይቁጠሩት፤ «ከበሩ አምስት እርምጃ፣ በግራ እግር ቆምኩ» ብለው ይያዙት።

አሁን ካፌ ውስጥ ተቀምጠው ለመርማሪ መልስ የሚሰጡበትን ትዕይንት ያስቡ። መጀመሪያ ሁሉም የሚታይበት ሰፊው ምስል ይቀረጻል። «ማክሰኞ ማታ ነው ያየሁት» ሲሉ ስኒውን በቀኝ እጅ አነሡ፤ «ብቻውን ነበር» ብለው አስቀመጡት። ከሁለት ሰዓት በኋላ የእርስዎ የቅርብ ምስል ይቀረጻል። አሁን ስኒውን በግራ እጅ ካነሡት፣ ወይም አንድ ቃል ዘግይተው ካስቀመጡት፣ አቀናባሪው ሁለቱን ምስሎች መቀጠል አይችልም። ያኔ የሚመርጠው የመሪ ተዋናዩን ፊት ነው፤ የእርስዎ ድምፅ ከጀርባ ይሰማል። ብዙ የትንሽ ሚና ተዋንያን ከትዕይንቱ የሚጠፉት በዚህ ምክንያት ነው። መድኃኒቱ በሰፊው ምስል ላይ የሚያነሡትን ማሳነስ፣ ያነሡትንም ከቃል ጋር ማሰር ነው። ከጠፋብዎት የስክሪፕት ተቆጣጣሪዋን ይጠይቁ፤ የእርስዎን እጅ የምትመዘግበው እሷ ናት። ምግብም ካለ በትንሹ ይጉረሱ፤ አሥራ አራት ጊዜ ሲደገም ሙሉ ሳህን አይቻልም። ከጠረጴዛው ሥር መትፊያ ባልዲ ይቀመጣል።

በመሪው የቅርብ ምስል ጊዜ እርስዎ ካሜራ ውስጥ የሉም። ቢሆንም በሙሉ ስሜት ይጫወቱለት፤ ቃልዎን ግን ከእሱ ቃል ጋር አያደራርቡ፣ ድምፁ ተለይቶ አይወጣምና። ዳግም የሚያስጠራ ነገር ካለ ይህ ነው፤ መሪ ተዋንያን ማን እንደረዳቸው ያስታውሳሉ።

ጽሑፉ ጠዋት ላይ ቢቀየርብኝስ?

ይቀየራል። የተቀየሩ ገጾች በቀለም ይለያሉ፦ ከነጭ ቀጥሎ ሰማያዊ፣ ሮዝ፣ ቢጫ፣ አረንጓዴ። ሲደርሱ «የመጨረሻው ቀለም የትኛው ነው?» ብለው ይጠይቁ። ቃልን በድምፅ ዜማ የሚሸመድድ ሰው በዚህ ይሰናከላል፤ ለምን እንደሚናገሩ ካወቁ አዲሱን ዐረፍተ ነገር በአሥር ደቂቃ ይይዙታል።

ስንት ይከፈላል? እጄ የሚገባውስ?

የተዋንያኑ ማኅበር ሳግ-አፍትራ የወሰነው ዝቅተኛ የቀን ክፍያ ከጁላይ 2025 እስከ ጁን 2026 1,246 ዶላር ነው። ይህ ለ8 ሰዓት ነው። 9ኛውና 10ኛው ሰዓት በአንድ ተኩል፣ ከዚያ በላይ ያለው በእጥፍ ይታሰባል። የምሳ ሰዓት ሳይቆጠር 12 ሰዓት ከሠሩ ስሌቱ 1,246 ሲደመር 467.25 ሲደመር 623፣ በድምሩ 2,336.25 ዶላር ይሆናል። ከጥሪ ሰዓትዎ ጀምሮ በ6 ሰዓት ውስጥ ምግብ ካልቀረበ ለመጀመሪያው ግማሽ ሰዓት 25፣ ለሁለተኛው 35፣ ከዚያ በኋላ ለያንዳንዱ ግማሽ ሰዓት 50 ዶላር ቅጣት ይከፈልዎታል። ስለዚህ የመግቢያ፣ የምሳና የመውጫ ሰዓትዎን በስልክዎ ይመዝግቡ፤ ሲወጡ የሚያስፈርሙዎት ቅጽ ላይ ሰዓቱ ተሳስቶ ወይም ባዶ ሆኖ ከሆነ ሳይሞላ አይፈርሙ።

ኤጀንትዎ ጎበዝ ከሆነ «ስኬል ፕላስ ቴን» ይደራደራል፤ ማለትም የእሱ 10 በመቶ ከላይ ተጨምሮ 1,370.60 ይሆናል። ግብር ከሙሉው ላይ ይቆረጣል። ፎቶ፣ ትምህርትና የመሳሰለው ወጪ ከ2018 ጀምሮ ለተቀጣሪ ተዋናይ ከፌዴራል ግብር አይቀነስም። ጠቅላላ ገቢዎ ከ16,000 ዶላር ካልበለጠና ሌሎቹን መስፈርቶች ካሟሉ ብቻ ይህን ወጪ ለመቀነስ የሚያስችል ልዩ ፈቃድ አለ፤ ይህ ጣሪያ ከ1980ዎቹ ጀምሮ አልተነካም፣ ለዘመኑ ኑሮ የማይመጥን ነው።

ድራማው ሲደጋገም የሚመጣው ገንዘብስ?

ሪዚጁዋል ይባላል። በየአካባቢው ጣቢያዎች ሲደገም ሁለተኛው ዙር የዝቅተኛውን ክፍያ 40 በመቶ፣ ሦስተኛው 30 በመቶ ያስገኛል፤ እየቀነሰ ሄዶ ከ13ኛው ጀምሮ 5 በመቶ ላይ ይቆማል። በኢንተርኔት ለሚተላለፉ ድራማዎች ስሌቱ ሌላ ነው፤ በ2023 ከጁላይ 14 እስከ ኖቬምበር 9 ለ118 ቀናት የቆየው የሥራ ማቆም አድማ አንዱ ምክንያት ይኸው ነበር። የሳንቲም ቼክ ሲመጣ አይገረሙ። ቤት በቀየሩ ቁጥር አድራሻዎን በማኅበሩ መዝገብ ያድሱ፤ የሰው ገንዘብ በተሳሳተ አድራሻ ምክንያት ተቀምጦ ይቀራል።

ማኅበሩ ውስጥ መቼ ልግባ?

ብቁ የሚሆኑት በማኅበሩ ውል አንድ የንግግር ሚና ሲሠሩ ወይም ኤክስትራ ሆነው 3 ቀን ሲሠሩ ነው። የመግቢያ ክፍያው እስከ 3,000 ዶላር ነው፤ ከዚያ ዓመታዊ መዋጮና ከገቢዎ 1.575 በመቶ። ታፍት-ሃርትሊ በሚባለው የፌዴራል የሠራተኛ ሕግ የመጀመሪያውን ሥራ አባል ሳይሆኑ መሥራት ይችላሉ፤ 30 ቀን ካለፈ በኋላ ለሚመጣው ሥራ ግን መግባት ግዴታ ነው። አትላንታ ባለችበት በጆርጂያ ግዛት ውስጥ ሕጉ ስለሚለይ አባል ሳይሆኑ መቀጠል ይቻላል።

ብቁ እንደሆኑ በማግስቱ መሮጥን አንመክርም። አባል ከሆኑ በኋላ ከማኅበሩ ውጭ ያለ ሥራ መሥራት ክልክል ነው፤ በሥራ ታሪክዎ ላይ ሁለት መስመር ብቻ ይዘው ከነባሮቹ ጋር ይሰለፋሉ።

አትላንታ ይሻላል?

ጆርጂያ ለቀረጻ እስከ 30 በመቶ የግብር ቅናሽ ስለምትሰጥ ብዙ ድራማ እዚያ ይቀረጻል፤ ኢትዮጵያውያንም በብዛት አሉ። መሪዎቹ ከሎስ አንጀለስ ይመጣሉ፤ ትንንሾቹ ሚናዎች ግን ከአካባቢው ይሞላሉ። «ሎካል ሃየር» (የአካባቢው ተቀጣሪ) ነኝ ብለው ከዋሽንግተን ቢያመለክቱ ትኬቱም፣ ማደሪያውም ከኪስዎ ነው። ለአንድ ቀን ሚና ትርፉ እዚያው ያልቃል።

በዚህ ብቻ መኖር ይቻላል? የጤና መድንስ?

ጥቂቶች ይኖሩበታል። በ2023ቱ አድማ ጊዜ የማኅበሩን የጤና መድን ለማግኘት በዓመት 26,470 ዶላር ከትወና ማግኘት ያስፈልግ ነበር፤ 86 በመቶ የሚሆኑት አባላት እዚያ አልደረሱም። ስለዚህ ሰዓቱ የሚለወጥ ሥራ ያስፈልጋል፤ ኡበር፣ ምግብ ቤት፣ የማታ ተራ ያለው የነርስ ረዳትነት። የ48 ሰዓት ፈተና ሲመጣ ተራ የሚቀያየርዎት ባልደረባ ከጥሩ ፎቶ አያንስም። ካሊፎርኒያ ውስጥ ቀረጻው ካለቀ በኋላ ለሥራ አጥነት ድጎማ ማመልከት መብት ነው፤ ጣሪያው በሳምንት 450 ዶላር ነው።

ገጽታዬን በኮምፒውተር ሊቀርጹ ከፈለጉስ?

በ2023ቱ ስምምነት መሠረት ዲጂታል ቅጂዎን ለመሥራትም ሆነ ለመጠቀም ግልጽ ፈቃድዎ ያስፈልጋል፤ ለምን እንደሚውልም ተዘርዝሮ መጻፍ አለበት። ፈቃዱ የሚጠየቀው ብዙ ጊዜ ጠዋት፣ በወረቀት ክምር መካከል ነው። ያንን ገጽ ነጥለው ያንብቡ፤ ካልገባዎት ፎቶ አንሥተው ለኤጀንትዎ ወይም ለማኅበሩ ተወካይ ይላኩ።

ለቤተሰብ መቼ ልንገር?

ከተላለፈ በኋላ። ትዕይንቱ ተቆርጦ ሊወጣ ይችላል፤ የቀን ክፍያዎ አይነካም፣ ዘመድ አዝማድ ቡና አፍልቶ ከጠበቀ በኋላ ግን ያስከፋል። ከቀረጻ ቦታ ፎቶ መለጠፍም በውሉ የተከለከለ ነው፤ ልብስዎና ከኋላዎ የሚታየው በር እንኳ ታሪኩን ሊያወጣ ይችላል። በተላለፈ ዕለት ትዕይንቱን በጥሩ ጥራት ያስቀሩት፤ ከሌላው ቆርጠው ከ60 ሰከንድ ያልበለጠ ቪዲዮ ይሥሩና መዝገብዎ ላይ ይጫኑት። የመጀመሪያው ምስል ላይ የሚታየው ፊት የእርስዎ ይሁን፤ መሪውን ካስቀደሙ ካስቲንጉ ቪዲዮው የእሱ መስሎት ሊያልፈው ይችላል።